የእናቴ ድምፅ የተጻፈበት ደብተር

ያልጠረጠረ ተመነጠረ ይላሉ። እኔ ግን ጠርጥሬ ነው የተመነጠርኩት፤ ይኸው እስከ ዛሬ ሳስበው ፊቴ ይግላል።

ሰውየው መንደራችን ላውክስቬኔ የደረሰው ስታሊን በሞተ በዓመቱ በጋ፣ ድርቆሽ በምናጭድበት ሰሞን ነው። ጎማው የተነፈሰ ብስክሌት እየገፋ መጣ። ቀጭን ነው፤ መነጽሩ በክር የታሰረ፣ ትከሻው ላይ የቆዳ ቦርሳ ያንጠለጠለ። አጥሩ ጋ ቆሞ፣ "የእናት ዶሚሴሌ ቤት ይኼ ነው?" አለ።

"ምን ፈለጉ?" አልኩት፣ መንሹን ከእጄ ሳላስቀምጥ።

"ከዋና ከተማ ነው የመጣሁት፣ ከቋንቋ ጥናት። ሊዩዳስ እባላለሁ። የየሰፈሩ አሮጊቶች እንዴት እንደሚናገሩ እጽፋለሁ።"

እንዴት እንደሚናገሩ! በዚያን ዘመን የሰው ወሬ የሚጽፈው አንድ ዓይነት ሰው ብቻ ነበር፤ እሱም የደኅንነት ሰው ነው፣ ሰማያዊ ቆብ ያደርጋል። ይኼኛው ደግሞ የሚናገሩትን ሳይሆን እንዴት እንደሚናገሩ ነው የምጽፈው አለኝ። እስቲ ማን ይሙት፣ እናንተ ብትሆኑ ታምኑት ነበር?

እናቴ ከውስጥ ሰምታ፣ "ማነው እሱ? አስገቢው እንጂ! እንግዳ ደጅ ይቆማል እንዴ?" አለች። ሰባ አራት ዓመቷ ነው። ዓይኖቿ ላይ ሞራ ወርዶ ብርሃንና ጥላ ብቻ ነው የምትለየው። እንግዳ ግን ትወዳለች።

አስገባሁት። ትኩስ ድንች በተመታ ጎምዛዛ ክሬም አቀረብኩለት፤ ጥርጣሬ ሌላ፣ ወግ ሌላ። በልቶ አፉን ጠረገና አረንጓዴ ሽፋን ያለው ደብተር አወጣ። ከዚያ እናቴን ይጠይቃት ጀመር። የት ተወለዱ? አባትዎስ የት ተወለዱ? እናትዎስ? ከዚህ ሰፈር ወጥተው ሌላ ቦታ ኖረው ያውቃሉ? እቤት ውስጥ ማን ማን አለ? እነሱስ የት ተወለዱ?

 እነዚያ ባለ ሰማያዊ ቆቦች ሰውን ወደ ሳይቤሪያ በባቡር ከመጫናቸው በፊት የሚጠይቁት ይኼንኑ ነው እኮ፣ በዚሁ ቅደም ተከተል።

"ይኼ ደግሞ ለአነጋገር ምን ያደርጋል?" አልኩ።

"ሥራችን እንዲህ ነው አክስት ኡርሹሌ" አለ፣ ቀና ሳይል። "ከሌላ አገር የመጣ ሰው አነጋገሩ ይደባለቃል። እዚሁ የተወለደ፣ ወላጆቹም እዚሁ የተወለዱ ሰው ነው የምንፈልገው።"

"እኔና እህቴ ባርቦራ ነን ያለነው። እዚሁ ነው የተወለድነው። እሷ ወደብ ከተማ በገረድነት ሠርታለች። ሌላ የለም።"

ጻፈው። ብዕሩ ሲፋጭ ጥርሴን አሳከከኝ።

ምን እንዳስፈራኝ ልንገራችሁ። ከዚያ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ፣ ቅጠል በሚረግፍበት ወር፣ ተልባ የምናደርቅበት ጎተራ ውስጥ አንዲት ልጅ ወድቃ አገኘሁ። እግሯ በጨርቅ ተጠቅልሏል፤ በትኩሳት ትንቀጠቀጣለች። ገኖቬቴ ትባላለች፤ የምሥራቁ የሐይቆች አገር ልጅ ናት። ከቤተሰቧ ጋር ወደ ሳይቤሪያ ተግዛ፣ አባቷንም እናቷንም እዚያ ቀብራ፣ ጠፍታ የመጣች። ከግዞት የጠፋ ሃያ ዓመት ከባድ ሥራ ይፈረድበታል፤ የደበቀውም አይተርፍም። ደግፌ ወደ ቤት ሳመጣት የምክር ቤቱ ጸሐፊ ዩዛፓስ የወተት ኮታ ሊጠይቅ አጥሩ ጋ ቆሟል።  አለቀልን ስል እናቴ በሩ ላይ ብቅ ብላ፣ እጇን ዘርግታ፣ "ባርቦራ! ልጄ! መጣሽልኝ?" ብላ ጮኸች።

ባርቦራ ታናሽ እህቴ ናት። በአሥራ ሁለት ዓመቷ ወደብ ከተማ ለገረድነት ሄደች፤ በጦርነቱ መጨረሻ ቦምብ ገደላት። አብራት ትሠራ የነበረች ልጅ መጥታ አጥሩ ጋ በሹክሹክታ ነግራኛለች። ለእናቴ ግን አልነገርኳትም፤ አፌ እምቢ አለኝ። ስትጠይቀኝ "ወሬ የለም" እያልኩ ዓመታት ሄዱ። ያን ቀን ናፍቆት ያሳሳታት መሰለኝ፤ ግን ምን አማራጭ ነበረኝ? "አዎ እማዬ፣ ባርቦራ ናት!" አልኩ፣ ዩዛፓስ እንዲሰማ ጮክ ብዬ። እሱም ቆቡን አንስቶ እንኳን ደስ ያላችሁ ብሎን ሄደ።

የባርቦራ የጥምቀት ወረቀት ሣጥን ውስጥ ነበር። ጎረቤቱም አልጠየቀም፤ ያኔ ጉርብትና ማለት አለመጠየቅ ነበር። እኔም ከዚያ ቀን ጀምሮ ሁለት ነገር እጠብቅ ነበር። አንደኛ፣ ልጅቷ ማን እንደሆነች መንግሥት እንዳያውቅ። ሁለተኛ፣ እናቴ እንዳታውቅ።

አንድ ነገር ብቻ መደበቅ አልተቻለም። እኛ የምዕራቡ ሰዎች፣ ዤማይቶች፣ ቃሉን ገና ከመጀመሪያው ነው ጫን አድርገን የምንለው፤ አንዳንዱ ላይ ደግሞ ድምፃችን መሃል ላይ ስንጥቅ ይላል፣ ሕቅታ እንደያዘው ሰው። የምሥራቆቹ የቃሉን ክብደት እስከ ጫፍ ወስደው እዚያ ያሳርፉታል። ልጅቷ አፏን በከፈተች ቁጥር አገሯ ይወጣል። "ከተማ ኖራ አነጋገሯ ተበላሸ" እያልኩ አሳልፌዋለሁ፤ የሰፈር ሰው ይኼን ይውጥልኛል። እንዴት እንደሚናገሩ ሊጽፍ የመጣ ሰውስ?

በማግስቱም መጣ፤ በሦስተኛውም ቀን። ማደሪያው ትምህርት ቤቱ ሰገነት ላይ ነው፤ ጠዋት ጠዋት ግን እኛ ጋ ነው። ከእናቴ አጠገብ ቁጭ ብሎ "ራስ እንዴት ይላሉ? 'ራሴን አመመኝ' ሲሉስ? እጅስ? 'እጄን ያዘኝ' ሲሉስ?" ይላታል። ዓይኑን ጨፍኖ በጣቱ ጠረጴዛውን እየነካካ ይሰማል፤ ከዚያ ጽፎ ከፊደሉ በላይ ጭረትና መንጠቆ ያደርግበታል። ዓይኑን ጨፍኖ የሚያዳምጥ ሰው ደግሞ በጣም ነው የሚያስፈራኝ፤ ሳያይ የሚያየው ነገር ያለ ነው የሚመስለኝ።

እናቴ ግን አበበች ብላችሁ ይቀላል። "ጌቶቹ በፖላንድኛ ሰደቡን፤ የዛር አስተማሪ በሩሲያኛ ገረፈን፤ የኋለኛው አስተማሪ ደግሞ እንደ መጽሐፍ ተናገሩ አለን" ትለዋለች። "በሰባ አራት ዓመቴ 'እንደገና ይበሉት፣ ደስ ይላል' ያለኝ አንተ ብቻ ነህ።"

"እርስዎ አፍ ውስጥ ያለው ነገር ከመጻሕፍት ሁሉ ያረጀ ነው፣ እናት ዶሚሴሌ" አላት አንድ ቀን። "በጥንት ጊዜ የእኛ አያቶችና የሩሲያኖቹ፣ የፖላንዶቹ፣ የቼኮቹ አያቶች አንድ አነጋገር ነበራቸው ይባላል። ያኔ የቃሉ ክብደት ቦታ አልነበረውም፤ እንደተለቀቀች ላም ይዞር ነበር። በኋላ ፖላንዶቹ ከመጨረሻው አንድ ቀደም ብለው ቸከሉት። ቼኮቹና ጎረቤቶቻችን ላትቪያኖቹ መጀመሪያው ላይ አሰሩት። የሩሲያ ገበሬ ግን 'ራስ' ሲል ክብደቱ ጫፍ ላይ ነው፣ 'ራሱን መታው' ሲል ወደ ፊት ይሮጣል፤ በእኛ ምሥራቅ ያሉ አሮጊቶችም ልክ እንደዚያው ያደርጉታል። እናንተ ዤማይቶች ወደ ፊት እየጎተታችሁት ነው፤ ግን ድሮ የት እንደነበረ ምልክቱ በእናንተ ድምፅ ስንጥቅ ውስጥ ቀርቷል። እኔ የላሟን ዱካ ነው የምከተለው።"

"ጎሽ፣ ልጄ" አለች እናቴ። "ስታገኛት አንተ አልባት፤ ወተቷን ግን ዩዛፓስ እንዳይሰማ።"

ሁለቱም ሳቁ። እኔም ልስቅ ምንም አልቀረኝም ነበር። ልክ በዚያች ሰዓት ገኖቬቴ ከውጭ ዝይዎቹን ጠራች።

ሁለቴ ብቻ ነው የጠራችው። የሰውየው ሳቅ ተቋረጠ። ጣቱ ጠረጴዛው ላይ ቆመ፤ ዓይኑ ተጨፈነ። 

"ማን ናት?"

"እህቴ ናት፤ ነገርኩዎት እኮ!"

"ባርቦራ" አለ ቀስ ብሎ። "ደስ የሚል ድምፅ አላት።" ቀና ብሎም አላየኝ፤ ደብተሩን ወደ መጀመሪያው ገጽ ገልብጦ አንድ ነገር ጻፈ።

ያን ቀን ከሰዓት በኋላ ገኖቬቴን ጓዳ አስገብቼ መንጋጋዋን በሻሽ አሰርኩት። "ጥርስሽን አሞሻል። ይኼ ሰው እስኪሄድ አንዲት ቃል ከአፍሽ እንዳትወጣ።"

"ኧረ መልካም ሰው ይመስላል" አለችኝ ከሻሹ ሥር።

"መልካም ሰው ይመስላል! ሳይቤሪያ የጫኑሽስ ቀንድ ነበራቸው?"

ሻሹን አላላችው። ከዚያ "ጫካ ልግባ ኡርሹሌ። በእኔ ምክንያት እናንተ ለምን ትጠፋላችሁ?" አለች። አንጀቴን በላችው። ጫካ ገብታ ክረምቱን የት ታሳልፈዋለች? አርፈሽ ተቀመጭ ብዬ ተቆጣኋት፤ ሌላ ማጽናኛ አልመጣልኝም።

በማግስቱ ሰውየው የጥርስ ሕመም ጠብታ ይዞ መጣ፤ ከፋርማሲ ገዝቶ። "ለእህትዎ" አለኝ። ሌላ ሰው ቢሆን እግዜር ይስጥልኝ እለው ነበር። እኔ ግን የነገርኩት ሰው ሳይኖር ጥርሷን ማመሙን እንዴት አወቀ ብዬ ቆሽቴ አረረ። ሻሹን በመስኮት አይቶት እንደሆነ ልቤ ያውቃል፤ ጥርጣሬ ግን መልስ ሲሰጡት አይሰማም። ጠብታውን አመድ ላይ ደፋሁት።

ሐሙስ ዕለት እንቁላል ልሸጥ ከተማ ወረድኩ። ገበያው ጋ ለመድረስ በሰማያዊ ቆቦቹ ቤት በኩል ነው የሚታለፈው፤ ሰው ሁሉ እዚያ ሲደርስ መንገድ ይሻገራል። እኔም ልሻገር ስል በሩ ተከፈተና ማን ወጣ? ሊዩዳስ። ቦርሳውን ብብቱ ሥር ሸጉጧል። አንድ ባለ ቆብ ትከሻውን መታ መታ አድርጎ ሲሸኘው፣ "ሰኞ እንጠብቅሃለን!" ሲለው በጆሮዬ ሰማሁ።

እንቁላሉን በምን ዋጋ እንደሸጥኩት አላውቅም። በመንገድ ላይ ስመለስ አንድ ነገር ብቻ ነበር የማስበው። ሰኞ። እስከ ሰኞ አራት ቀን አለኝ። እሱን መግደል አልችልም፤ ኃጢአቱንም፣ ጉልበቱንም አልችለውም። ደብተሩ ግን ወረቀት ነው።

ቅዳሜ መታጠቢያ ቤቱን አነደድኩ። በእኛ ሰፈር ቅዳሜ የእንፋሎት መታጠቢያ ይነድዳል፤ እንግዳ ካለ መጀመሪያ የሚገባው እሱ ነው፤ እምቢ ማለት ነውር ነው። ጠራሁት፤ እሱም ደስ ብሎት መጣ። ልብሱንና ቦርሳውን የውጭኛው ክፍል አግዳሚ ላይ አስቀምጦ፣ ገላ የሚመታበትን የበርች ዛፍ ቅጠል እስር ይዞ ወደ ውስጠኛው ገባ። የእኛ መታጠቢያ ምድጃ የሚማገደው ደግሞ ከውጭኛው ክፍል ነው።

ቦርሳውን ከፈትኩ። ሁለት አረንጓዴ ደብተሮች አሉ፤ አንዱ ባዶ፣ አንዱ የተሞላ። የተሞላውን ገለጥኩት። ፊደል አውቃለሁ፤ ግን በእነዚያ ጭረቶችና መንጠቆዎች መሃል ፊደሉ ራሱ ጠፍቶብኛል። በመጀመሪያው ገጽ ላይ ግን "ባርቦራ" የሚል አገኘሁ። ከጀርባው ሽፋን ውስጥ ደግሞ በጉልህ "ዛራሳይ" ተጽፏል። ዛራሳይ! የገኖቬቴ አገር። ሌላ ምን ማስረጃ ልጠብቅ?

ደብተሩን ምድጃው ውስጥ ከተትኩት። መጀመሪያ ሽፋኑ ተጨማደደ፤ ከዚያ ገጾቹ አንድ በአንድ ብድግ ብድግ እያሉ ነደዱ። ከውስጥ በኩል ሰውየው ድንጋዩ ላይ ውሃ እየደፋ፣ "ኧረ አክስት ኡርሹሌ፣ እንዴት ያለ ሙቀት ነው! እጅዎ ይባረክ!" እያለ ይጮሃል።

"ይሙቅዎት!" አልኩት። 

ሲወጣ ፊቱ ቀልቷል፤ ሸሚዙን እየቆለፈ ቦርሳውን አነሳ። ቀለለው። ከፍቶ አየ። ምድጃውን አየ። እኔ መንሹን ይዤ በሩ ላይ ቆሜያለሁ።

"አቃጥዬዋለሁ" አልኩ። "አሁን ሂድና ንገራቸው። ሰኞ እስኪደርስ ለምን ትጠብቃለህ?"

ይጮሃል ብዬ ነበር፤ አልጮኸም። አግዳሚው ላይ ቁጭ አለ። "የእናትዎም ድምፅ? ሁሉም?" አለ።

"ሁሉም!"

መነጽሩን አውልቆ በሸሚዙ ጫፍ ጠረገው፤ ዓይኑ ግን ነበር የረጠበው። "አክስት ኡርሹሌ፣ ልጅቷ እህትዎ እንዳልሆነች ዝይዎቹን ስትጠራ ነው ያወቅኩት። ከዛራሳይ ማዶ ካሉ ሦስት መንደሮች የአንዱ ልጅ ናት። እናቴ እዚያው ነው ያለችው፤ ዝይዎቿን እንደዚያው አድርጋ ነው የምትጠራው። ከጀርባ የተጻፈውን አይተውት ከሆነ የእናቴ አድራሻ ነው።"

መንሹን ተደገፍኩ።

"ሐሙስ ጠርተውኝ ነበር" አለ። "'በየቤቱ ትገባለህ፤ ከዚህ ሰፈር ያልሆነ ሰው አግኝተሃል ወይ?' አሉኝ። ደብተሩን ገልጬ አሳየኋቸው። 'ባርቦራ፣ ላውክስቬኔ የተወለደች፣ ወላጆቿም እዚሁ የተወለዱ' ይላል። 'የአፍ ሊቁ እዚሁ ነው የተወለደችው ካለማ ምን እንጨምራለን' ብለው ሳቁ። ሰኞ ስሄድ የስሞቹን ዝርዝር ይገለብጣሉ። ከዚያ በኋላ ማንም አይነካትም ነበር።"

"ታዲያ ምነው አንዲት ቃል ብትነግረኝ? አፍ የለህም?"

"እንዴት ልንገርዎት? በየቤቱ አንድ ወሬ አቀባይ አለ ይባላል። ቀን በቀን ከኋላዬ ቆመው ያዩኛል፤ ቦርሳዬን ይቃኛሉ፤ ምን ጻፍክ ይሉኛል። እኔ ደግሞ አንቺ ነሽ ብዬ… እርስዎ ነዎት ብዬ ነበር።"

ወይ ጉድ! እኔ እሱን ስጠረጥር እሱ እኔን ይጠረጥራል። ሁለታችን በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጠን ስለ አንዲት ልጅ ብለን ስንዋሽ ሰንብተናል። አፈር ልብላ አልኩ፤ ለእሱ ይሁን ለእኔ አላውቅም።

"አሁን ሰኞ ባዶ እጄን ብሄድ የት ጠፋ ይላሉ። የጠፋበትን ቤት ፈልገው ይመጣሉ" አለ። "ባዶው ደብተር መልኩ አንድ ነው። ሞልቶ አይተውታልና መሞላት አለበት።"

"ሙላው ታዲያ! ጭረትና መንጠቆ እኮ ነው፤ ማን ያውቅብሃል?"

"ማንም አያውቅብኝም። ግን በሰባት ዓመት ሥራዬ ሐሰት የጻፍኩት አንድ መስመር ነው፤ እሱም የልጅቷ ነው። ሌላውን እናትዎ እንደገና ይበሉልኝ።"

እናቴ እሑድ ቅዳሴ ቀርታ አታውቅም። ያን እሑድ ግን ደብተሩ እሳት ውስጥ ወደቀ ብዬ ስነግራት፣ "ወደቀ? እግር አውጥቶ?" አለችኝና ነጠላ ጫማዋን አውልቃ ተመልሳ ተቀመጠች። "በል ጠይቀኝ ልጄ። እግዜር አሮጊት ተቀምጣ ብትናገር አይቆጣም።"

ከጠዋት ጀምሮ ተናገረች። ራስ፣ እጅ፣ ሴት ልጅ፣ ዝይ፣ ዳቦ፣ ጭስ፣ ውርጭ። እያንዳንዱን በየመልኩ፣ ሦስቴ አራቴ። እኩለ ቀን ላይ ድምጿ ሻከረ፤ ወተት በማር አሙቄ ሰጠኋት። ሊዩዳስ እንረፍ ቢላት፣ "ነገ ሞቼ ብታገኘኝስ ማንን ልትጠይቅ ነው?" ብላ አሳቀችው። ገኖቬቴ፣ ሰው ቢገባ ብላ ሻሹን መንጋጋዋ ላይ እንዳሰረች፣ ምድጃው ጋ ድንች ትልጣለች። እኔ በሩ ላይ ቆሜ የእናቴን ድምፅ ስሰማ፣ ይኼን ነው ያቃጠልኩት እያልኩ ውስጤ ያርር ነበር። ዕድሜ ልኬን ስሰማው ኖሬ አንድም ቀን አዳምጬው አላውቅም።

ሰኞ ምን እንደሆነ አሁኑኑ ልንገራችሁ፤ ምክንያቱም ልቤ ያለው እሱ ላይ አይደለም። ደብተሩን አገላብጠው ስሞቹን ገልብጠው መለሱለት፤ ማንም ወደ እኛ አልመጣም። ገኖቬቴ ዛሬ የልጅ ልጆች አሏት። ልቤ ያለው እሑድ ከሰዓት በኋላ ላይ ነው።

ሊዩዳስ የመጀመሪያውን ገጽ ባዶ ትቶት ነበር፤ መጨረሻ ላይ ወደ እሱ ተመለሰ። የት ተወለዱ፣ አባትዎስ፣ እናትዎስ ብሎ ጻፈ። "ልጆችዎ?" አላት።

"ኡርሹሌ። እዚሁ።"

"ሁለተኛዋ…" አለና ብዕሩ ቆመ። እኔን አየኝ። እኔ መሬት መሬት አየሁ። የድንቹ ቢላዋ ድምፅ ቀጥ አለ።

"ምን ሆናችሁ?" አለች እናቴ። "ጻፍ እንጂ ልጄ። ባርቦራ። እዚያ አልጋ ላይ ነው የወለድኳት። ጻፍክ?"

"ጽፌያለሁ።"

"ቀለሙ ደርቋል?"

"ደርቋል።"

"እንግዲያው ብዕርህን አስቀምጥ።" ፊቷን እኔ ወዳለሁበት አዞረች። "ኡርሹሌ፣ አሁን ንገሪኝ። ልጄ የት ነው የተቀበረችው?"

 "እማዬ፣ ባርቦራ እኮ…"

"ተይኝ። የጠፋው ዓይኔ ነው፤ ጆሮዬ አለ። ይቺ ምስኪን መጀመሪያ ቀን 'እናቴ' ስትለኝ ከየት እንደመጣች አላወቅኩም፤ ከእኔ ሆድ እንዳልወጣች ግን አውቄያለሁ።"

"ታዲያ በሩ ላይ 'ባርቦራ' ብለሽ የጮኽሽው?"

"ዩዛፓስ አጥሩ ጋ ቆሞ አልነበረም እንዴ? ሲያስል ሰምቼዋለሁ። ምን ልበል ታዲያ? 'ጸሐፊ ሆይ፣ ይግቡ፣ የጠፋች ልጅ አግኝተናል' ልበል?"

ሁለት ዓመት ሙሉ እናቴን የማታልላት እኔ ነኝ እያልኩ ስጨነቅ፣ መንገድ የምትመራኝ እሷ ኖራለች። ቁጭ አልኩ፤ ወንበሩ የት እንዳለ ሳላይ።

"ለምን አልጠየቅሽኝም?"

"እንዳትመልሽልኝ ፈርቼ ነዋ። ያቺ ልጅ ከወደቡ መጥታ ያነጋገረችሽ ቀን ከአጥሩ ስትመለሺ 'ወሬ የለም' ያልሽበት ድምፅ ወሬውን ነግሮኛል። ግን በአፍሽ እስካልነገርሽኝ አልሞተችም እል ነበር። ይቺ ልጅ ከመጣች በኋላ ደግሞ በምን አንደበት ልጠይቅ? ሰው በስሟ እየኖረ ፍትሐት ላስደርግ? ቄሱ ስሟን ሲጠራ ደብሩ ሁሉ ይሰማል። አሥር ዓመት ልጄ ያለ ፍትሐት ተኝታለች፣ ኡርሹሌ።"

ነገርኳት። ወደቡ አጠገብ በአንድ ጉድጓድ ከሌሎች ልጆች ጋር መሆኑን፣ መስቀል እንዳልተተከለበት፣ ያወቅኩትን ሁሉ። ሳታቋርጠኝ ሰማችኝ፤ ከዚያ አለቀሰች፣ ያለ ድምፅ። ገኖቬቴ መጥታ እግሯ ሥር ተንበርክካ "ይቅር ይበሉኝ" ስትላት እናቴ እጇን የልጅቷ ራስ ላይ አኖረች። "አንቺ ምን አደረግሽ? ስሟን ባዶ እንዳይቀር ያዝሽልኝ እንጂ።"

ቆይታ አፍንጫዋን ጠረገችና ሊዩዳስን ጠራችው። "ልጄ፣ አንተ ዋና ከተማ ነው የምትሄደው። እዚያ የሚያውቀን የለም። የፍትሐቱን ገንዘብ እሰጥሃለሁ፤ አስጠራልኝ።"

"አስጠራለሁ፣ እናት ዶሚሴሌ። ባርቦራ።"

"እንደሱ አይደለም። እሱ የመጽሐፍ አጠራር ነው። ቄሱ እንደፈለገው ይበለው፤ አንተ ግን ቆመህ በልብህ እንደኛ በላት። ሌላ ሰው የተጠራ እንዳይመስላት።"

ዓይኑን ጨፈነና ስሟን ጠራ። እናቴ ራሷን ነቀነቀች፣ አይደለም አለች፤ እሷ ራሷ በሻከረ ድምፅ አለችለት። ደገመው። አሁንም አይደለም። ሦስተኛውን ስትሰማ ትንሽ ቀርቶሃል አለችው። በአራተኛው እናቴ "አዎ፣ እሷ ናት" አለች።